ጊዜን ጦም ያሳደረው ሊቅ

በፎገራ ሜዳ ስለ ጊዜ ካስተማሩ ሊቃውንት ሁሉ እጅግ የተከበረው አንድ ያልተወለደ ሰው ነው። አልተወለደም እንጂ ሌላ የጎደለው ነገር አልነበረም። አገር ነበረው፤ ትምህርት ነበረው፤ ታስሮም ያውቃል። በወረታ ትምህርት ቤት አዳራሽ ውስጥ ሁላችንም ከመቀመጫችን ተነሥተን አጨብጭበንለታል። ከአውራጃ የመጣ ትልቅ ባለሥልጣን የሊቁን ሥራዎች በተጻፉበት ቋንቋ እንዳነበባቸው በሕዝብ ፊት ተናግሯል። ከተወለድነው መካከል ይህን ያህል ክብር ያገኘ ስንት ሰው አለ? እኔ ይኸው ተወልጄ፣ ዕድሜዬን ሙሉ የጠመኔ ብናኝ ስውጥ ኖሬ፣ አንድም ቀን ቆሞ ያጨበጨበልኝ የለም።

ሊቁን ያወቅሁት በቤታችን ነው። አባቴ ከወረታ ወደ ጣና በሚወስደው ሜዳ ላይ ባለች አንዲት ደብር መሪጌታ ነበሩ። ባሕረ ሐሳብ አዋቂ በመሆናቸው ዓመቱ ሲለወጥ ጾሙ መቼ እንደሚገባ፣ ፋሲካው መቼ እንደሚውል አስልተው ለሕዝቡ የሚያውጁት እሳቸው ናቸው። የልጅ ልጆቻችን የሚፈስኩበትን ቀን ሳይቀር ቢጠየቁ ቁጭ ብለው ያወጡታል። አንድ የማያውቁት ቀን ግን ነበር፤ የርብ ወንዝ የሚጎድልበት ቀን። ክረምት በገባ ቁጥር ርብ ሞልቶ ሜዳውን ይውጠውና ቤታችን ካለበት ጉብታ በቀር የሚታይ መሬት አይኖርም። እኛ ልጆቹ ከቤት ታጉረን፣ "ውኃው መቼ ነው የሚጎድል?" እያልን አባታችንን መቆሚያ መቀመጫ እናሳጣቸዋለን። እሳቸውም ገና ያልመጣን ፋሲካ እያወቁ ደጃፋቸው ላይ ያለውን ወንዝ አለማወቃቸው ሳያሳፍራቸው አልቀረም መሰል፣ አፋችንን ለማስያዝ የሊቁን ታሪክ ይጀምራሉ።

በአባቴ ታሪክ ሊቁ የተወለደው ጊዜ እንደ እህል በጎታ በሚከተትበት አገር ነው። በዚያ አገር ፀሐይ የሁሉም አልነበረችም። ጠዋቱ የንጉሡ ነው፤ ቀትሩ የመኳንንቱ፤ ከሰዓት በኋላው የካህናቱ። ለድሃው የተረፈችው ፀሐይ ስትጠልቅ ያለችው ድንግዝግዝ ብቻ ነበረች። ድሃው በድንግዝግዝ ያርሳል፣ በድንግዝግዝ ያጭዳል፣ በድንግዝግዝ ይዳራል። ሙሽራና ሙሽሪት በደንብ ሳይተያዩ ይጋባሉ፤ "ለትዳሩ ይህ ሳይበጅ አልቀረም" ይላሉ አባቴ እናቴን በጎን እያዩ። ሊቁ የጎታው ጠባቂ ልጅ ነው። አንድ ቀን ጎታውን ከፍቶ ቢያይ የተከማቸውን ጠዋት ነቀዝ በልቶታል። ከዚያ ዕለት ጀምሮ ጊዜን ሲመረምር ኖረ። በመጨረሻም የደረሰበት እውቀት ጊዜ እንደ መሬት መሆኑ ነው፤ ያለ ዕረፍት ካረሱት ይደክማል፣ ፍሬም አይሰጥም። ስለዚህ ጊዜም እንደ ማሳ አልፎ አልፎ ጦም ማደር አለበት። ይህን በመናገሩ ንጉሡ ተቆጥቶ ሁልጊዜ ቀትር በሆነበት፣ ጥላ በሌለበት ቤት አሰረው። ታሪኩ እዚህ ላይ ሲደርስ ወይ እንቅልፍ ይወስደናል ወይ ውኃው ይጎድላል። መጨረሻውን ማናችንም ሰምተነው አናውቅም። አባቴም ያወቁት አይመስለኝም።

አድጌ አስተማሪ ሆንሁና ወረታ ተመደብሁ። አብዮቱ ቀድሞኝ ደርሶ ጠበቀኝ። ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ በፈቃዳችን የምንገኝበት፣ የቀረ ግን የሚጠየቅበት የውይይት ክበብ ነበረን። የክበቡ ጸሐፊ እኔ ነበርሁ። በሙሉ ድምፅ የተመረጥሁት ምርጫው በተካሄደበት ዕለት ወባ ይዞኝ ስለቀረሁ ነው።

ክበቡን የሚመራው ካድሬ በእኔ ዕድሜ አካባቢ ያለ ወጣት ነበር። ከሩቅ ከተማ የመጣ ነው፤ በሬ ከየት በኩል እንደሚጠመድ አያውቅም፤ ነገር ግን የገበሬውን ችግር ጠንቅቆ ያውቅ ነበር፤ በኮርስ ተምሮታል። ከሁሉ በላይ የሚወደው ጊዜን ነው። ሰላም ከማለቱ በፊት የእጅ ሰዓቱን ያያል። "ጊዜ የምርት መሣሪያ ነው!" ይላል፤ እኛም እናጨበጭባለን። ከትምህርት ቤቱ ሌላ በአባቴ ደብር አጥቢያ የተቋቋመው የአምራቾች ማኅበር በእሱ ኃላፊነት ሥር ነበር። በማኅበሩ ግቢ ካለው ዋርካ ላይ ከተሰባበረ የጭነት መኪና የወለቀ ቸርኬ አሰቀለና በየሰዓቱ በብረት ያስደበድበው ጀመር። ሲደበደብ ገበሬው ወደ ማሳ ይሄዳል፤ እንደገና ሲደበደብ ይመለሳል። ቀጥሎ በዓላትን ሻረ። "የቅዱሳን ቀን እያላችሁ የምትቀመጡት ፊውዳሉ ትቶት የሄደው ልማድ ነው፤ ከዛሬ ጀምሮ ቀን ሁሉ እኩል ነው" አለ።

ገበሬው አልተቃወመም። የፎገራ ገበሬ መንግሥት ሲናገር አይቃወምም፤ ይታመማል። ሚካኤል ሲሆን ሆድ ይነፋል። በማርያም ቀን ራስ ይፈልጣል። በመድኃኔ ዓለም ወገብ ይያዛል። በበዓለ ወልድ ደግሞ በሬዎቹ ሳይቀሩ ያነክሳሉ። በማግስቱ ሁሉም ድኖ፣ ቸርኬው ሳይደበደብ ማሳ ላይ ይገኛል። ካድሬው መጀመሪያ ወረርሽኝ መሰለውና ከወረታ ድሬሰር አስመጣ። ድሬሰሩ ለሁሉም ክኒን አደለ። ሁሉም ዋጡ፣ አመሰገኑ፣ ጋቢያቸውን ተከናንበው ተኙ። በሚቀጥለው ማርያም ድሬሰሩ ራሱ አመመው።

ካድሬው ግን ሞኝ አልነበረም። በሽታው ወር ቆጥሮ እንደሚመጣ ደረሰበት። የወሩን ቀን ለአጥቢያው የሚያውጅ ማን ነው ብሎ ሲጠይቅ አባቴን ጠቆሙት። ወዲያው ወደ ማኅበሩ ጽሕፈት ቤት አስጠራቸው። እኔም ልጃቸውም የክበቡ ጸሐፊም ስለሆንሁ እንድገኝ ታዘዝሁ። በዚያን ዘመን እንዲህ ተጠርቶ የሄደ ሁሉ አልተመለሰም። እናቴ ጋቢና ስንቅ ቋጠረች። አባቴ ቋጠሮውን አዩት፤ "ሩቅ አይደለም እኮ" አሉ፤ ግን ያዙት።

ካድሬው ከጠረጴዛው ጀርባ ተቀምጧል።

"ጓድ መሪጌታ" አለ።

አባቴ ከኋላቸው ሌላ ሰው ያለ መስሏቸው ዞር ብለው አዩ።

"እርስዎን ነው። ጊዜን የሚያሰሉት እርስዎ ነዎት?"

"አዎ ልጄ፣ እንዳቅሜ።"

"በማን ፈቃድ?"

"ፈቃዱ ከጥንት የመጣ ነው።"

"ጥንት ፈርሷል።"

"እንዲያ ነው አሉ። ሰምቻለሁ።"

ካድሬው አባቴን ትክ ብሎ አያቸው። አብዮተኛም ቢሆን እናቱ በደንብ ያሳደገችው ልጅ መሆኑ ያስታውቅ ነበር፤ በተቆጣ ቁጥር "እርስዎ" ማለቱ ይብስበታል።

"እርስዎ ባወጁት ቀን ገበሬው ይታመማል። ይህ አሻጥር ነው ልል እችላለሁ። ግን ዕድል ልስጥዎ። ከቤተ ክርስቲያን ውጭ፣ ጊዜን ያጠና፣ ጊዜ ማረፍ አለበት ያለ አንድ ሊቅ ይጥሩልኝ። አንድ ብቻ።"

በቃ አልቆልናል አልሁ በልቤ።  አባቴ ዋሽተው አያውቁም፤ ስለ ዋጋ ሲከራከሩ እንኳ ስለማይዋሹ እናቴ ገበያ አትልካቸውም ነበር።

"አንድ አውቃለሁ" አሉ።

ከዚያም ለእኛ ሲነግሩን እንደኖሩት አድርገው፣ ሳይጨምሩም ሳይቀንሱም፣ ነገሩት። ካድሬው መጀመሪያ ክንዶቹን አጣምሮ ነበር። ጠዋቱ የንጉሡ፣ ቀትሩ የመኳንንቱ የሚለው ላይ ሲደርሱ ክንዱን ፈታ። ድንግዝግዙ ላይ እስክሪብቶ አነሣ።

"ፊውዳሎቹ ሰዓቱን በሞኖፖል ይዘውት ነበር ነው የሚሉኝ?"

"በጎታ ነው የያዙት።"

"ካህናቱስ?"

"ከሰዓት በኋላውን ይዘውት ነበር።"

"ይህን እርስዎ ራስዎ ይላሉ?"

"ታሪኩ እንዲያ ነው ልጄ፤ ምን ላድርግ።"

ካድሬው ከወንበሩ ተነሣ። ዓይኑ ያበራ ነበር። "አገሩ የት ነው?" አለ።

"ሩቅ ነው። እኔ አልደረስሁበትም።"

ካድሬው ወደ እኔ ዞረ። "ጓዲት፣ አንቺስ ይህን ሊቅ ታውቂዋለሽ?"

"ከልጅነቴ ጀምሮ ስሰማው ነው ያደግሁ" አልሁ። ቃሉ እውነት ነበር።

"ታዲያ በውይይት ክበባችን እስከዛሬ ያላቀረብሽው ለምንድን ነው? ይህ ከባድ የሥራ ድክመት ነው!"

አባቴ ከነቋጠሯቸው ወደ ቤት ተመለሱ። እኔ ከነድክመቴ ወደ ወረታ። ስንለያይ፣ "ልጁ ጥሩ አድማጭ ነው" አሉኝ፤ "አንዴም አላቋረጠኝ። እናንተ እኮ ይህን ያህል አትሰሙም ነበር።"

በሚቀጥለው ሐሙስ የሊቁን ሕይወት ለክበቡ አቀረብሁ። አስተማሪዎቹ በሙሉ ብዙ ያነበቡ ሰዎች ናቸው፤ አንድም እንዲህ ያለ ሊቅ ሰምተው እንደማያውቁ ፊታቸው ይናገራል። ነገር ግን አላውቅም ያለ ንቃቱ ዝቅተኛ ነው በሚባልበት ዘመን ማን አላውቅም ይላል? የታሪክ አስተማሪው ሁለት ጊዜ ራሱን በመስማማት ነቀነቀ። ጥያቄ የጠየቀው የጂኦግራፊ አስተማሪያችን ብቻ ነው። እሱ ከሁላችን በላይ ደግ ሰው ነበር፤ ያን ዕለት ግን ሙያው አሸነፈው።

"ይቅርታ፣ አገሩ በካርታ ላይ በየት በኩል ነው?" አለ።

እኔ አፌን ከመክፈቴ ካድሬው ተነሣ። "ጓድ፣ ይህ የወረቀት ሰው ጥያቄ ነው። ጭቁን ያለበት ሁሉ የሊቁ አገር ነው። ካርታውን የሠራው ማን ነው? ቅኝ ገዢ አይደለም?"

ተነሥተን አጨበጨብን። የጂኦግራፊ አስተማሪው ከሁላችን በፊት ነው የተነሣው። ከዚያ ወዲህ ስለ ሊቁ የሚናገረው ካድሬው ነው። በየሳምንቱ ይጨምርለት ነበር። ሊቁ በእስር ቤት ውስጥ የረሃብ አድማ መታ። ሊቁ የጎታ ጠባቂዎችን በማኅበር አደራጀ። እኔ አብሬው ያደግሁት ሊቅ እየተለወጠብኝ ሄደ፤ የቤታችን ሰው ሹመት አግኝቶ ከተማ እንደገባ ዓይነት ስሜት ተሰማኝ።

ካድሬው ግን በንግግር የሚያበቃ ሰው አልነበረም፤ ያመነበትን በተግባር ካላየ አያርፍም። የማኅበሩን አባላት ዋርካው ሥር ሰብስቦ የሊቁን ትምህርት ሙከራ ላይ ሊያውል መሆኑን ገለጸ። "ጊዜ ያለ ዕረፍት ከታረሰ ይደክማል። ስለዚህ በየወሩ የተወሰኑ ቀናትን ከሥራ ነፃ እናደርጋለን። ይህ ሳይንስ እንጂ በዓል አይደለም!"

የማኅበሩ ሊቀ መንበር ብዙ መንግሥት ያየ ሽማግሌ ነበር። ፊቱ ላይ አንድ ጅማት ሳይንቀሳቀስ ተነሥቶ፣ "ጓድ ካድሬ፣ እኛ ገበሬዎች ነን፣ ሳይንስ አናውቅም" አለ። "ሆኖም መሬቱም ጦም ሲያድር ያምርበታል። ጊዜውም ጦም ይደር ከተባለ እንታዘዛለን።"

"ጦም የሚለው ቃል ሃይማኖት ሃይማኖት ይላል" አለ ካድሬው ፊቱን አኮማትሮ። "ዕረፍተ ጊዜ በሉት።"

"ዕረፍተ ጊዜ ይሁን" አሉ ሁሉም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከእሱ በቀር ሁሉም ጦም ሲሉት ኖሩ።

የሚያርፉትን ቀናት እንዲያወጡ አባቴ ተመደቡ። ሰንበት አለፈና፣ ሌላም ሰንበት አለፈና፣ ቀናቱን ይዘው መጡ። አሥራ ሁለት፣ ሃያ አንድ፣ ሃያ ሰባት፣ ሃያ ዘጠኝ። ካድሬው አየት አደረገ። አንድ ነገር ሊያስታውስ የሚሞክር ሰው ፊት ነበረው።

"ስሌቱ በትክክል ተሠርቷል?"

"እኔ ሳወጣው የሚወጡት እነዚህ ናቸው ልጄ። ደግሜ ባሰላውም እነዚሁ ናቸው የሚወጡ።"

"አምስተኛው ቀን አቦ ነው፣ ሰባተኛው ሥላሴ፣ እነሱ ቀሩ" ብለው አንዲት አሮጊት ከኋላ ሲያጉተመትሙ ሊቀ መንበሩ በዓይኑ አፈጠጠባቸው።

የሙከራው ውጤት ካድሬውን ራሱን አስደነገጠው። በአጥቢያው የሆድ መንፋት ጠፋ። ራስ መፍለጥ ጠፋ። ያነክሱ የነበሩ በሬዎች ቀጥ ብለው ሄዱ። ገበሬውም ቅዱሳኑን ካከበረ ወዲያ በሌላው ቀን ማንም ሳይነግረው ይሠራል፤ ውኃው ሲሸሽ ጓያውንና ሽንብራውን ከማንም ቀድሞ ዘራ። ካድሬው ይህን ሁሉ ለአውራጃ አሳወቀ። ጥቁር ይሁን ነጭ የማይታወቅ አንድ ሊቅ፣ በየት አገር እንደኖረ ያልተጻፈ ሰው፣ ክኒን ያቃተውን በሽታ በዕረፍት አጠፋ። አውራጃው ዝም ብሎ እንዲያልፈው ተመኘሁ። አላለፈውም።

ከአውራጃ ሰው መጣ። ወፍራም፣ በዚያ ሙቀት ኮት የለበሰ፣ ባሕር ማዶ ለአጭር ኮርስ ደርሶ የተመለሰ ነው የሚባል። አጥቢያው በሙሉ፣ እኛም አስተማሪዎቹ ከወረታ ተጭነን፣ ዋርካው ሥር ተሰበሰብን። ካድሬው የሊቁን ሕይወት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ተናገረ። ኮት ለባሹ አልሳቀም፣ አላጨበጨበም። እኔ አባቴን አያለሁ፤ አባቴ መቋሚያቸውን ያያሉ። እናቴ ያቺን ቋጠሮ ድጋሚ ቋጥራት ይሆን ብዬ አሰብሁ።

ሰውየው በመጨረሻ ጉሮሮውን ጠረገ። "ይህን ሊቅ የሚያውቅ ሰው እዚህ ሜዳ ላይ መኖሩ አስገርሞኛል" አለ። "እኔ ሥራዎቹን ያነበብኋቸው በተጻፉበት ቋንቋ ነው። ትርጉሙ ብዙ ያጎድላል።"

ካድሬው ከረጅም ጊዜ በኋላ ተነፈሰ። የታሪክ አስተማሪያችን፣ "እንዴታ" አለ፤ ማንም ሳይጠይቀው።

"ነገር ግን" አለ ሰውየው ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ "የኋለኛ ዘመኑን አላነሣህም። ይህ ሊቅ በኋለኛው ዘመኑ ወደ ቀኝ አዘንብሎ ነበር። ይህን ከብዙኀኑ የደበቅኸው ለምንድን ነው?"

ሳቁ ከውስጤ ጠፋ። ለሌለ ሰው ማዘንበል የሚጠየቀው ያለ ሰው ነው፤ በዚያን ጊዜ ደግሞ እንዲህ ያለ ጥያቄ ሰው ይበላ ነበር። ካድሬው አመድ መሰለ። ወደ እኔ ዞረ። ዓይኑ ውስጥ ያየሁት ልጅ ነው፤ ገና ልጅ። እኔም ወደ አባቴ ዞርሁ። አባቴ መቋሚያቸውን ተደግፈው ቀስ ብለው ተነሡ።

"ጌታው" አሉ፤ "ሰው ነውና ተሳስቶ ይሆናል። መቼም ሊቅ ነው፤ በመጨረሻው ንስሐ ሳይገባ አይቀርም።"

 ሰውየው አባቴን አያቸው፣ ካድሬውን አየው፣ እንደገና አባቴን።

"ግለ ሂስ አድርጓል ማለትዎ ነው?"

"በእናንተ አነጋገር እንዲያ ይባል ይሆናል።"

"ትክክል!" አለ ሰውየው። "ግለ ሂሱን አንብቤዋለሁ። በጣም ረጅም ነው።"

ሊቀ መንበሩ ወዲያው እጁን ወደ ላይ ሰንዝሮ መፈክር አሰማ፤ ጭብጨባው ሜዳውን አናወጠው። ሙክት ታረደ። ሰውየው በልቶ፣ ጠጥቶ፣ ሲመሽበት ከጓያው ሁለት ኩንታል አስጭኖ ሄደ።

እንግዲህ ሁሉም በሰላም አለቀ እንዳይባል፣ ካድሬው ተመሰገነ። በዚያን ዘመን ከመወቀስ የሚተርፉበት ብዙ መንገድ ነበር፤ ከመመስገን ማምለጫ ግን አልነበረም። በአውራጃው ስብሰባ ላይ ምሳሌ ተደርጎ ተጠራ። ስሙ ታወቀ። ስሙ የታወቀ ጎበዝ ካድሬ ደግሞ ሰሜን ግንባር ላይ ለሠራዊቱ ንቃት ይፈለጋል። ትእዛዙ የደረሰው ክረምት ገብቶ፣ ርብ ሜዳውን ሸፍኖት ሳለ ነው።

ትምህርት ቤት ስለተዘጋ እኔም ከወላጆቼ ጋር ነበርሁ። አንድ ከሰዓት በኋላ ከሩቅ ታንኳ ስትመጣ አየን። ካድሬው ነው፤ ቦት ጫማውን በማሰሪያው አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ፣ ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ጠቅልሎ፣ እንዳይሰጥም የታንኳውን ጠርዝ በሁለት እጁ ጨብጦ። ከዚያ በፊት ከቤታችን ገብቶ አያውቅም። እናቴ ጠላ ቀዳችለት። ሰዓቱን ሳያይ ጠጣ።

"መሪጌታ" አለ። ጓድ የሚለው ቀርቶ ነበር። "ነገ እሄዳለሁ። አንድ ነገር ሳልጠይቅዎ ብሄድ ይቆጨኛል። የዚያ ሰው መጨረሻ ምን ሆነ? ከቀትሩ እስር ቤት ወጣ?"

እኔና እናቴ ተያየን። እኛ እንኳ መጨረሻውን አልሰማነውም። አባቴ ደጅ ያለውን ውኃ አዩ።

"ወጣ" አሉ። "ንጉሡ አረጀ። ጠዋት ጠዋቱን ሁሉ እሱ ስለጨረሰው የቀረው አልነበረም። ወደ እስር ቤቱ ሄዶ፣ 'አንተ ጊዜ አዋቂ ነህ፣ ትንሽ ጊዜ ፈልግልኝ' ብሎ ለመነው። ሊቁም፣ 'የቀረው የድሆቹ ድንግዝግዝ ብቻ ነው፤ ሄደህ እነሱን ለምን' አለው። ንጉሡ ሊለምን ወጣ። ጠባቂዎቹም ንጉሥ ሲለምን አይተው ስለማያውቁ ሊያዩ ተከተሉት። በሩ ክፍት ቀረ። ሊቁ ወጣና ወደ ቤቱ ሄደ።"

"ከዚያስ?"

"እራቱን በላ። ተኛ።"

"ይኸው ነው?"

"ይኸው ነው።"

"ትግሉስ? ድሆቹን አላደራጀም?"

"ደክሞት ነበር ልጄ።"

ካድሬው ሳቀ። ሲስቅ ያየሁት የዚያን ዕለት ነው፤ አንዱ የጎን ጥርሱ ተሸርፎ ነበር። ከዚያም ማንም ምንም ሳይለው፣ "እናቴም በወር በሃያ አንድ ጥጥ አትፈትልም" አለ። የት አገር እንደሆነ አልጠየቀም። ሊቁ በእርግጥ ኖሮ እንደሆነ አልጠየቀም። ያወቀው ዋርካው ሥር ይሁን፣ ቀናቱ ሲነገሩት ይሁን፣ ወይስ ጨርሶ ሳያውቅ ይሂድ፣ እኔ እስካሁን ቁርጡን አላወቅሁም። አባቴን ስጠይቃቸው፣ "ታሪክ የሚወድ ልጅ ነው" አሉ። ሲሄድ አባቴ መስቀል አሳለሙት። ወዲህ ወዲያ ሳያይ ተሳለመ።

በእሱ ቦታ የመጣው ካድሬ ለጊዜ ግድ የሌለው፣ ከቀትር በኋላ ከጠጅ ቤት የማይወጣ ሰው ነበር። ገበሬው ሚካኤልን ያለ ምንም ሳይንስ ማክበሩን ቀጠለ። ኋላ ቅይጥ ኢኮኖሚ ታወጀ ሲባል ማኅበሩ በአንድ ጠዋት ፈረሰ፤ በሬውም፣ ማረሻውም፣ የጽሕፈት ቤቱ ቆርቆሮም እኩል ተከፋፈለ። ለመከፋፈል የታየውን ያህል ኅብረት በማኅበሩ ዕድሜ ታይቶ አያውቅም።

ከዚያ ጦርነቱ ወደ እኛ መጣ። ሠራዊቱ ሲፈታ የጎንደር መንገድ በተበተነ ወታደር ተሞላ፤ ባዶ እግሩን፣ መለዮውን የጣለ፣ ቁራሽ እንጀራ የሚለምን። ወረታ ከኪራይ ቤቴ ደጃፍ ላይ አንድ ቀን ጢሙ ያደገ፣ በወባ የሚንቀጠቀጥ ሰው ቆሞ፣ "ጓዲት" አለኝ። ጓዲት የሚባል ነገር ካበቃ ሰንብቶ ስለነበር ደነገጥሁ። ከዚያ እየከበደው ፈገግ ሲል ያ የካድሬው የተሸረፈ ጥርስ ታየኝ።

አባቴ ቤት ወሰድሁት። እናቴ አጥሚት አጠጣችው፣ ክኒን ፈለግንለት፣ ላብ በላብ እየሆነ ብዙ ተኛ። ስለ ግንባር አላወራም። እኛም አልጠየቅነውም። ሲሻለው ከአባቴ ጋር ደጅ ይቀመጡና ስለ ከብት ያወራሉ፤ አሁን በሬ ከየት በኩል እንደሚጠመድ ተምሯል፤ ከማን እንደተማረ አላውቅም። ስለ ሊቁ አንዳቸውም አላነሡም።

መንገድ ሲከፈት ወደ ባሕር ዳር የሚሄድ ሽንኩርት የጫነ መኪና አገኘንለት። የወታደር ልብሱን እናቴ ከምድጃ ከታዋለች፤ በዚያ ልብስ መታየት አደገኛ ነበር። የአባቴን ሸሚዝና ሱሪ አለበስነው። የሸሚዙ እጅጌ አንጓው ላይ አልደረሰም፤ ሱሪው ከቁርጭምጭሚቱ በላይ ቀረ። እንዲያ ሆኖ ሽንኩርቱ ላይ ወጥቶ ተቀመጠ፤ ከእሱ ጋር የወጡ ሴቶች አይተውት አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ፤ እሱም አብሯቸው ሳቀ። መኪናው ተነሣ።

አባቴ አቧራው እስኪወርድ ቆመው አዩ።

"ረጅም ልጅ ነው ለካ" አሉ። "በልቤ ሁልጊዜ ከጠረጴዛ ኋላ እንደተቀመጠ ነው እኮ።"